ሰብለ ከፊት፣ እኔ ከኋላ

ባለፈው ሳምንት አትክልት የጫንኩባትን ትንሿን መኪናዬን ይዤ ኮሎሲየም አጠገብ መብራት ላይ ቆሜ ነበር። ጎብኚዎች እየተንጋጉ መንገድ ያቋርጣሉ። ከፊት አስጎብኚያቸው የታጠፈ ጃንጥላ ወደ ላይ ቀስሮ ይመራል። ከጎኑ አንዲት ልጅ አንድም ቃል እንዳያመልጣት አንገቷን አስግጋ ትራመዳለች። ከሁሉም ኋላ አንድ ወጣት፣ አንደኛው የሴት የሆነ ሁለት ቦርሳ ተሸክሞ፣ እግሩን እየጎተተ ይከተላል። ፊቱን አየሁት። አረንጓዴ በርቶ ከኋላዬ ያለው ሹፌር ክላክሱን እስኪያንባርቅብኝ ድረስ ዓይኔን ከዚያ ልጅ ላይ መንቀል አልቻልኩም። ያንን ፊት አውቀዋለሁ። በሃያዎቹ ዕድሜዬ፣ እዚያው አካባቢ፣ ቀኑን ሙሉ ለብሼው ውያለሁ።

ያኔ ቶር ፒኛታራ የሚባል የሮም ሰፈር ውስጥ ካገር ልጆች ጋር ተዳብዬ እኖር ነበር። ሥራዬ ፒያሳ ቪቶሪዮ ገበያ የአትክልት ሳጥን ማውረድ ነበር። ሰብለን ያወቅኋት እዚያው ነው፤ ድንብላልና ኮረሪማ ፍለጋ የቅመም ሻጮቹን ደጃፍ ስታስስ። አንዲት አሮጊት ሲኞራ ቤት እያደረች ስለምትሠራ የምትወጣው ሐሙስ ከሰዓትና እሑድ ብቻ ነበር። እሑድን ቤተ ክርስቲያንና ጓደኞቿ ይወስዷታል። ሐሙስ ግን የኔ ነበረች። ባቡር ጣቢያው አካባቢ ወዲያ ወዲህ እንላለን፤ ሱፕሊ የሚሉትን፣ መሃሉ አይብ ያለበትን ትኩስ የሩዝ ጥብስ ገዝተን፣ አይቡን እንደ ክር እየጎተትን እንሳሳቃለን። የሱቅ መስታወት እናያለን። ሲመሽ አውቶቡሷ ላይ አሳፍራታለሁ። ዓለም ሁሉ ገንዘቡን አፍስሶ ሊያያት የሚመጣባት ከተማ ውስጥ እየኖርን፣ ከጣቢያው ማዶ ምን እንዳለ አናውቅም ነበር። ጊዜውም አልነበረንም፤ እውነቱን ለመናገር ግን እኔ ትዝም ብሎኝ አያውቅ።

አንድ ጊዜ፣ ሰኔ ሊገባ ሲል፣ ቤተ ክርስቲያን የሚገናኙት ልጆች ጂታ አዘጋጁ። ጂታ ጣልያኖቹ ለሽርሽር የሚሉት ነው። እሑድ ከጠዋት እስከ ማታ ሮምን በእግር እየዞርን፣ በአማርኛ እየተነገረን ልናይ ነው። ሰብለ በደስታ የምትሆነውን አጣች። እኔም አብሬ ለመሄድ አላመነታሁም። ሐሙስ ላይ እሑድ ሲጨመርልኝ ማን ይጠላል?

አስጎብኚያችን ዮናስ ይባላል። እናቱ የአዲስ አበባ ሰው ናት፤ እሱ ግን ሮም ተወልዶ ሮም ያደገ፣ ዩኒቨርሲቲ የጥንት ታሪክ የሚያጠና ልጅ ነው። ቁመናውን አልደብቅም፣ መልካም ነበር። ፒያሳ ቪቶሪዮ ዛፎች ሥር ሰብስቦን «አሎራ፣ ሁላችሁም ደህና አደራችሁ?» ሲል፣ ‹እንግዲህ› የሚለውን በጣልያንኛ አስቀድሞ፣ ሰዉ ከወዲሁ ፈገግ አለ። አማርኛውን የተማረው ከናቱ ጓዳ ስለሆነ ትልቅና ትንሽ አይለይም። እትዬ ወይንሸትን፣ ሁላችንም እናታችን የምንላቸውን የተከበሩ ሴት፣ «አንቺ! ነይ እዚህ ጥላው ጋ ቁሚ!» አላቸው። እኔ ደስ አለኝ። አሁን ተቀየሙት አልኩ። እሳቸው ግን ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አድርገው እስኪያነቡ ሳቁና «ይሁን ልጄ፣ ልጅ አደረግኸኝ» ብለው የተባሉት ቦታ ሄደው ቆሙ። ከዚያ ወዲያ ሰዉ ሁሉ የሱ ሆነ።

ሰብለ መጀመሪያ ከጎኔ ነበረች። ኮሎሲየም ስንደርስ አንድ ረድፍ ወደፊት ሄደች። ትንሽ ቆይታ ደግሞ ሌላ። ዮናስ «ይህን ማን እንዳሠራው የሚያውቅ አለ?» ብሎ ሲጠይቅ፣ ከየት እንደሰማሁት እንጃ፣ «ኔሮ!» ብዬ ጮህኩ። ድምፄ ለራሴም ከሚገባው በላይ በረታብኝ።

«ቅርብ ነህ» አለኝ በትሕትና። «ኔሮ እዚህ ጋ ኩሬ ነበረው። ከሱ በኋላ የመጣው ንጉሥ ኩሬውን አድርቆ ነው ይህን ያሠራው።»

ቢስቅብኝ ይሻለኝ ነበር። ያንን ለስለስ ያለ እርማቱን ግን ምን ላድርገው? ሰብለ ወደኔ ዞር እንኳ ሳትል «ይኼ ሁሉ ድንጋይ የቆመው ኩሬ ላይ ነው?» ብላ በመደነቅ ጠየቀችው። ድምፅዋ ሐሙስ ሐሙስ የማውቀው ድምፅ አልነበረም።

ከዚያ በኋላ ያየሁትን ሮም አልናገርም፤ አላየሁትምና። ሌሎቹ ፍርስራሹን ሲያዩ እኔ የሰብለን ጀርባ፣ የሰማያዊ ቀሚሷን ጫፍና በሷና በዮናስ ትከሻ መሃል ያለውን ክፍተት ነበር የምመለከተው። ፀሐዩ ድንጋዩን አግሎታል። መንገድ ዳር የቆሙት ዛፎች አብበው ሽታቸው ማር ማር ይላል። እሷ ያንን ሽታ ልትነግረኝ እንኳ ወደ ኋላ አልተመለሰችም። ፓንቴዎን ገብተን፣ ጣሪያው መሃል ባለው ክብ ቀዳዳ ብርሃኑ እንደ ምሰሶ ሲወርድ፣ «ዝናብ ሲዘንብስ?» አለችው። ዮናስ ወለሉ ላይ ያሉትን ጥቃቅን የውሃ መውረጃዎች አሳያት። ሰብለ በሕዝቡ መሃል ተንበርክካ ጣቷን አንዱ ቀዳዳ ውስጥ ከታ፣ ቀና ብላ ሳቀች። የሳቀችው ለሱ ነበር። ቢያንስ ከቆምኩበት እንደዚያ ነው የሚታየው።

ምሳችንን ወንዙ ማዶ ሣር ላይ ተቀምጠን በላን። ሰብለ ለኔ ብላ ስንግ ቃሪያ ሠርታ መጥታለች፤ እንደምወደው ታውቃለች። ዮናስ ምሳ አልያዘም ነበር። አንዱን ስንግ አንስታ ሰጠችው። በአንድ ጉርሻ ጎረሰውና ፊቱ ቀላ፣ አሳለው፣ ዓይኑ እንባ ሞላ። የዚያን ቀን የመጀመሪያ ደስታዬ ይኸው ነበር። ግን ምን ያደርጋል፣ አልቆየም። ሰብለ ከራሷ ጠርሙስ ውሃ እያጠጣች ጀርባውን መታ መታ ታደርገው ጀመር።

እትዬ ወይንሸት ዳቦ እየቆረሱ አዩኝ። «ግርማ፣ ምነው ፊትህ እንደዚህ ሆነ?»

«ፀሐዩ ነው እትዬ።»

«አዬ ፀሐይ!» አሉና ዳቦውን አቀበሉኝ። «ብላ። እንዲህ ያለው ነገር ባዶ ሆድ ላይ አይቻልም።»

ከሰዓት ቅዱስ ጴጥሮስ ሄደን ጉልላቱ ላይ ወጣን። እትዬ ወይንሸት ጉልበቴ እሺ አይልም ብለው ታች አደባባዩ ላይ ቀሩ። ደረጃው እየጠበበ፣ ግድግዳው ከጉልላቱ ጋር እያዘመመ ይሄዳል፤ ሰው አንገቱን ወደ ጎን ጣል አድርጎ ነው የሚወጣው። ዮናስ ከፊት፣ ሰብለ ተከትላ፣ እኔ ከሷ በኋላ። ያወራሉ። ድምፃቸው ድንጋዩ ላይ እየተጋጨ ይመጣል እንጂ ቃሉ አይለይም። ያ ደረጃ አያልቅም ብዬ ነበር።

ከላይ ነፋስ ተቀበለን። ዮናስ ወደ አጥሩ ወስዶን፣ ከትልቁ ቤተ ክርስቲያን ጀርባ፣ አትክልቱ አጠገብ ያለች አንዲት ትንሽ ጣሪያ በጣቱ አሳየን። «ያቺ ቅዱስ እስጢፋኖስ ናት። በድሮ ጊዜ ካገራችን በእግርና በመርከብ የመጡ መነኮሳት ያርፉባት ነበር። እዚህ የመጣነው እኛ ብቻ አይደለንም። ከኛ በፊትም መጥተዋል፤ ደግሞም ዝም ብለው አልተቀመጡም፣ ጽፈዋል፣ አስተምረዋል።»

ሰብለ አለቀሰች። ድምፅ ሳታሰማ፣ ነፋሱ እንባዋን ወደ ጆሮዋ እየገፋው። እኔን ያቃጠለኝ ያ ነበር። ያን ያህል ሐሙስ አብረን ዞረን፣ እኔ ይህችን ልጅ አስቄያታለሁ እንጂ እንደዚህ ነክቻት አላውቅም።

ስንወርድ መታገሥ አቃተኝ። አደባባዩን ከከበቡት ምሰሶዎች ሥር ክንዷን ይዤ አስቀረኋት።

«ዛሬ ከማን ጋር ነው የመጣሽው?»

«ካንተ ጋር ነዋ!»

«ከጠዋት ጀምሮ ከአጠገቡ አልተለየሽም። ከወደድሽው ቁርጡን ንገሪኝ።»

ቀና ብላ አየችኝ። ከዚያ የምሰሶው እግር ላይ ቁጭ አለች።

«ግርማ፣ ቀንተህ ነው?»

ዓይኔን ወደ አደባባዩ መለስኩ።

«እኔም እኮ ስቀና ነው የዋልኩት» አለች። «በሱ።»

«ምን ማለትሽ ነው?»

«አገሬ እያለሁ አስተማሪ ልሆን ነበር፤ ነግሬሃለሁ። እዚህ የማውቀው የሲኞራን መድኃኒት፣ የአውቶቡሱን ቁጥርና ገበያውን ነው። ቀኑን ሙሉ አፌን ብከፍት ‹ሲ ሲኞራ› ለማለት ነው። እሱ ሲናገር ሰዉን አየኸው? እትዬ ወይንሸት እንኳ እንደ ልጅ ሲያዳምጡ? እኔ ስናገር ማን እንደዚያ ሰምቶኝ ያውቃል? ከጎኑ የማልለየው እንዴት እንደሚያደርገው ለማየት ነው። ከየት እንደሚጀምር፣ መቼ ዝም እንደሚል።» ጉንጯን በእጇ ጀርባ ጠረገች። «እኔም አስጎብኚ መሆን እችል እንደሆነ ደረጃው ላይ ጠየቅኩት። ቋንቋውን በደንብ ተምረሽ፣ ትምህርትሽን ጨርሰሽ፣ ፈተናውን ካለፍሽ ይቻላል አለኝ። ረጅም ነው አለኝ። ግን ይቻላል አለኝ።»

«መቼ ነው የምትማሪው?»

ዝቅ ባለ ድምፅ መለሰች። «ሐሙስ ከሰዓት።»

ወንድ ቢሆን ኖሮ ጉዳዬን አውቅ ነበር። እጣላዋለሁ፣ ወይም እተወዋለሁ። ይህ ግን ፊት የለውም፣ አንገት የለውም። ሐሙሴን ሊወስድ የመጣው ነገር እሷው ውስጥ ነው ያለው። «ቫ ቤኔ» አልኳት። ይሁን ማለት ነው። አደባባዩ መሃል እትዬ ወይንሸት የቀለጠ ጀላቶ፣ አይስክሬም መሆኑ ነው፣ በእጃቸው ላይ እየፈሰሰ ሲጠብቁን አገኘናቸው። ሁለታችንንም አዩን። መሀረብ ለሰብለ ሰጧት፤ ለኔ ደግሞ ጀላቶውን።

የሚቀጥለውን ሐሙስ ብቻዬን ዋልኩ። ሱፕሊ ገዝቼ ግማሹን ጣልኩት። በተከታዩ ሐሙስ ግን እግሬ ራሱ ቋንቋውን መማር የጀመረችበት ትምህርት ቤት ደጃፍ አደረሰኝ። ከማላውቃቸው ሰዎች ጋር እየሳቀች ወጣች፤ ደሜ እንደገና ፈላ። እሷ ስታየኝ ሮጣ መጣች። «ጊዜ የለኝም፣ ሲኞራ ትጠብቀኛለች፤ ግን እስከ ፌርማታው አብረን እንሂድ፣ እግረ መንገዴን የተማርኩትን ልንገርህ።» አንድ ያረጀ ግንብ አጠገብ ስንደርስ አስቆመችኝ። «አሎራ፣ እዚህ ቁም» አለችኝ፣ ልክ እንደ ዮናስ። ከዚያ ጀመረች። ግማሹን ተሳሳተች፣ ግማሹን ረሳች። እኔ ግን ከጠቅላላው የሮም ሕዝብ ከፊት ረድፍ ብቻዬን ቆሜ ነበር።

ለዓመታት እንደዚያ ሆነ። ከትምህርት ቤት እስከ ፌርማታ ያለችው መንገድ የኛ ሐሙስ ሆነች። ተጋባን፤ ዮናስ ሚዜዬ ነበር፣ ኋላም ሥራ አግኝቶ ወደ ሰሜን ሄደ። ሰብለ ፈተናውን ወድቃ አለቀሰች፣ አርግዛ አቋረጠች፣ ልጃችንን እያጠባች እንደገና ያዘችው፣ አለፈች። አሁን ካገር ቤት የሚመጡትን ተሳላሚዎችና እንግዶች የምታስጎበኘው እሷ ናት።

ቅናቴ ግን ከነነፍሱ አለ። ሰዎች ከዕድሜ ጋር ይበርዳል ይላሉ፤ የኔ አልበረደም፣ መልኩን ነው የቀየረው። እነዚያ እንግዶች ቀኑን ሙሉ ይሰሟታል። ፎቶ ይነሳሉ፣ ይመርቋታል፣ አገራቸው ገብተው ይደውሉላታል። ለኔ የሚደርሰኝ የደከመ እግሯና የተዘጋ ድምፅዋ ነው።

ትናንት ማታ እንደዚያው ሆና ገባች። ጫማዋን አውልቃ እግሯን ጭኔ ላይ ጫነች። «ዛሬስ ምን አሳየሻቸው?» አልኳት። «ተወኝ ግርማ፣ ድምፄ አልቋል» አለች። ተውኳት። ሻይ አፈላሁላት። ጥቂት ጠጣችና ዓይኗን ጨፍና «ዛሬ ፓንቴዎን ውስጥ ስንገባ አንድ ነገር ታየኝ» ብላ ጀመረች።

«ምን?» አልኩ።

«ቆይ፣ ልንገርህ» አለች፣ ድምፅዋ እንደ ሹክሹክታ ሆኖ። «ለነሱ አልነገርኳቸውም።»

ቴሌቪዥኑን አጠፋሁና ተጠጋኋት።