ወይራው ምሰሶ

ታላቅ ወንድሜ ደብረ ማርቆስ ገበያ ላይ ካየኝ መንገድ ይቀይራል። ይቀይር! እኔም ዓይኑን ማየት አልሻም። ወንድማማች የሚጣላው በመሬት ነው ይላሉ፤ እኛ የተጣላነው በአንድ ክብ ሳር ቤት ነው።

ቤቱን አባታችን አማኑኤል አጠገብ በገዛ እጃቸው ነው የሠሩት። እንጨቱን የቆረጡት በበጋ፣ ጨረቃ በሌለችበት ሰሞን ነበር፤ ጨረቃ ስትሞላ የተቆረጠ እንጨት ነቀዝ ይበላዋል ይሉ ነበር። ጭቃውን ከጤፍ ጭድ ጋር ረግጠው፣ እስኪሸት ድረስ ብዙ ቀን አሳድረው ለጠፉት። በሩን ነፋስ ከማያገኘው ወገን አደረጉት። ደጃፍ ያለችውን ዋንዛ ላለመቁረጥ ሲሉ አጥሩን አጣመሙት። መሐል የቆመው የወይራ ምሰሶ እኛ ልጆቹ ጀርባችንን ስናክበት ኖረን ልስልስ ብሎ ነበር።

ከአባታችን ጋር የሚኖረው ወንድሜ ልጁን ሊድር ሲል "ሙሽራ ሳር ቤት አላስገባም" አለ። አባቴ ቤቴ አይነካም አሉ። ያኔ እኔ ወደማስተምርበት ደብረ ማርቆስ መጣ።

"አባየ እንደሁ እሽ አይሉም። አንተ ግን የመምህር አባት ሳር ቤት ሲኖር አታፍርም?"

እውነቱን ልናገር፣ አፍር ነበር። ባልደረቦቼን አንድ ቀን እንኳ እዚያ ቤት ወስጄ አላውቅም።

"ደምበጫ ለተዝካር ሲሄዱ ጠብቀህ አፍርሰው" አልኩት።

አፈረሰው። ምሰሶውን በመጋዝ ቆራርጦ ለድግሱ ማገዶ አደረገው። እርጥብ ባሕር ዛፍ ተከለ፤ ጧት የረገጠውን ጭቃ ከሰዓት ለጠፈበት፤ በላዩ ቆርቆሮ መታበት። ደነዝ! ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል፤ ክረምት ሳይገባ ግድግዳው ተሰነጣጠቀ።

ሐምሌ ላይ አባቴን ልጠይቃቸው ሄድኩ። ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድበው የምናገረው አልሰማ ብሏቸው አፍ አፌን ያዩ ነበር። ድንገት አባራ።

"ወንድምህ፣ አፍርስ ያልከው አንተ እንደሆንክ ይናገራል" አሉኝ። "እውነት ነው ልጄ?"

ያ ዝናብ ትንሽ ቢቆይልኝ ምን ነበር!

"ይዋሻል" አልኳቸው።

አባቴ እስኪሞቱ ድረስ ወንድሜን አላናገሩትም። በቀብራቸው ዕለት እሱ ከሰው ርቆ ቆመ። ከፊት ሆኜ አስከሬናቸውን የተሸከምኩት እኔ ነኝ።