በወጨጫ ጠበል ልጄ «ራበኝ» ያለች ዕለት

ከኮልፌ የተነሣሁት በየካቲት ኪዳነ ምሕረት ዋዜማ፣ ዓቢይ ጾም ሊገባ ጥቂት ቀናት ሲቀሩት ነው። የመንገዴም ምክንያት ስለት ነበር። ልጄ አስካለ የዐሥራ ዘጠኝ ዓመት ልጅ ናት። ባለፈው ክረምት ውሃ ጥሟት አልረካ ብላ፣ ሰውነቷም ከስቶ ሆስፒታል በገባች ጊዜ፣ ሐኪሞቹ የስኳር በሽታ መሆኑን ነገሩን። ሦስት ቀን ራሷን ስታ ተኛች። እኔም ከአልጋዋ ግርጌ ቆሜ፣ «ይህችን ልጅ በእግሯ ካቆምሽልኝ ከደጅሽ አመጣታለሁ፤ ጥላም አገባለሁ» ብዬ ለእመቤታችን ተሳልሁ። በአራተኛው ቀን ዐይኗን ገለጠች።

ከዚያ ወዲህ ኑሮዋ በመርፌ ነው። ጠዋት ጠዋት የመስታወቱን መርፌ ቀቅላ ጭኗን ትወጋለች። ከሆስፒታል ስንወጣ ነርሷ፣ «አባቴ፣ መርፌውን ከወሰደች በኋላ ምግብ እንዳይዘገይባት። ከዘገየ ስኳሯ ከልክ በታች ይወርዳል፤ ያልባታል፣ ያንቀጠቅጣታል፣ ከባሰም ራሷን ትስታለች» ብላኝ ነበር። እኔም «እሺ ልጄ» አልኋት። እሺ ማለት ቀላል ነበር።

ከኮልፌ እስከ ሰበታ

ዋዜማው ዕለት ማለዳ አስካለ ቁርሷን በልታ፣ የመድኃኒቱን ብልቃጥ በእርጥብ ጨርቅ ጠቅልላ በትንሽ ማሰሮ ውስጥ አኖረችው። እኔ ደግሞ ከመርካቶ የገዛሁትን ባለ ወርቀ ዘቦ ጥላ በነጠላ ሸፍኜ ታቀፍሁ። እስከ ጦር ኃይሎች በከተማው አውቶቡስ ሄድን። ከዚያ የሰበታውን መኪና ያዝን፤ በነፍስ ወከፍ ስሙኒ ከዐሥር ሳንቲም ጠየቁን።

«አባቴ፣ እንግዳዎት ለብቻው ወንበር ይይዛል ወይስ ያቅፉታል?» አለኝ ረዳቱ ወደ ጥላው እያመለከተ።

«የእመቤታችን ነው፤ እቅፌ ይበቃዋል።»

«እንግዲያው በነፃ ይግባ። ለእኔም ጸሎት ያድርሱልኝ፤ የሾፌሩን አነዳድ አይተውታል» አለና ሰውን ሁሉ አሳቀ።

አየር ጤናን ካለፍን በኋላ ቤቱ እየሳሳ፣ ሜዳው እየሰፋ ሄደ። የጤፉ ማሳ ታጭዶ ገለባው በየደጁ ተከምሯል። ዓለም ገና ላይ ጎማ ተንፍሶብን አንድ ሰዓት ያህል ቆምን፤ አስካለ ከመንገድ ዳር አንዲት ሴት የምትሸጠውን የተጠበሰ ድንች ገዝታ በላች። እኔም በልቤ፣ ሕመምተኛ ሆና ሳለ እንዲህ ደህና መጓዟን አይቼ አምላኬን አመሰገንሁ። ከሰበታ ከወረድን በኋላ በወይራና በጽድ መካከል የወጨጫን ተራራ ሁለት ሰዓት ሽቅብ ተጓዝን። እርሷ ስትቀድመኝ፣ እኔ ስከተላት፣ ከቀኑ ዐሥር ሰዓት ግድም ከማደሪያችን ደረስን።

በወይዘሮ ጫልቱ ቤት

ወይዘሮ ጫልቱ ባለቤታቸው ከእኔ ዘንድ ድጓ የተማረ፣ አሁን ብቻቸውን የሚኖሩ ሴት ናቸው። ቂንጬ በቅቤ፣ ከዚያም እርጎ አቀረቡልን። በኦሮምኛ መርቀው፣ በአማርኛ ገሥጸው፣ «ብሉ» ሳይሆን «ጨርሱ» ነው የሚሉት።

በማግስቱ ጎሕ ሲቀድ አስካለ እንደ ልማዷ መርፌዋን ወጋች። ወይዘሮ ጫልቱም ትኩስ ዳቦ ቆርሰው ሰጧት። ያን ጊዜ እኔ እጄን ዘረጋሁና ከለከልሁ።

«ጠበል እህል ቀምሶ አይገባም። ፀሐይ ሳይከር ትጠመቅና መጥታ ትበላለች።»

«አባዬ፣ መርፌውን እኮ ወስጄዋለሁ» አለች ልጄ።

«አንድ ቀን ነው፤ አንድ ሰዓት ነው። በእምነት ነው የመጣነው።»

ወይዘሮ ጫልቱ ዳቦውን እንደያዙ ቆሙ። «መሪጌታ፣ እኔ ፊደል አልቈጠርሁም። ግን ሐኪም ብላ ካለ መብላት ነው። ለልጅቱ ይዘኑላት እንጂ!»

ዐርባ ዓመት መጽሐፍ ያስተማርሁ ሰው ነኝና፣ ከዳቦ ጋራ የቆመችን ሴት ቃል እንደ ቃል አልቈጠርሁትም። ወጣን።

በጠበሉ ደጅ

አንድ ሰዓት ያልሁት ሦስት ሰዓት ሆነ። ለክብረ በዓሉ የመጣው ሕዝብ ጠበሉ ከሚፈልቅበት ገደል ሥር እስከ ቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ተሰልፏል። ሴቶቹ ተራ በተራ ይገባሉ፤ ከውስጥ የሚጮኸው ይጮኻል፣ የሚለፈልፈው ይለፈልፋል። በውጭ ያለው ሕዝብም ጩኸቱን በሰማ ቍጥር ርኩስ መንፈስ ወጣ ብሎ እልል ይላል። በዚያ ስፍራ መንቀጥቀጥ እንግዳ ነገር አይደለም፤ የሚጠበቅ ነው።

አስካለ መጀመሪያ ደጋግማ አዛጋች። ቀጥላም ፊቷ ገረጣ፤ ውሃው ገና ሳይነካት ነጠላዋ በላብ ራሰ። «ጥቂት ነው የቀረሽ» ብዬ እጇን ስይዛት መነጨቀችኝ።

«ተወኝ! አንተ ምን አገባህ!»

ይህች ልጅ በሕይወቷ አንድም ቀን «አንተ» ብላኝ አታውቅም። ደነገጥሁ። ከበስተኋላችን የቆመች ሴት፣ «ተገለጠባት! እሰይ!» አለች። ሰው ከበበን። አንድ ጐልማሳ መቍጠሪያውን ከፍ አድርጎ፣ «ማነህ? ስምህን ተናገር!» እያለ ጮኸባት።

አስካለ ከንፈሯ እየተንቀጠቀጠ፣ «ራበኝ» አለች።

«መብል ይጠይቃል! አትስጡት!» አለ ጐልማሳው።

እኔ አባቷ ያን ጊዜ ምን እንዳደረግሁ አልሸሽግም። ነርሷ የነገረችኝ ምልክት ሁሉ በፊቴ ተዘርግቶ ሳለ፣ እኔም መንፈስ ነው ብዬ አመንሁ። «አትስጡት» ከሚሉት ጋራ ቆሜ ድርሳን መድገም ጀመርሁ። እርሷ ደግማ «ራበኝ» አለች፤ ከዚያም ጕልበቷ ከዳትና ወደቀች፤ እጅ እግሯ ይንፈራገጥ ጀመር። ሕዝቡ እልል አለ።

እልልታውን ሰምተው የጠበሉ አጥማቂ አባ ተክለ ሚካኤል ከገደሉ ሥር ወጡ። ሰማንያ ዓመት ያለፋቸው፣ በምርኩዝ የሚሄዱ መነኩሴ ናቸው። መስቀላቸውን አላነሡም። ተንበርክከው መዳፋቸውን በአንገቷ ላይ አኖሩ።

«ላቧ ቀዝቃዛ ነው። አባቷ ማነው?»

«እኔ ነኝ አባቴ።»

«በሽታ አለባት?»

«ስኳር።»

«መርፌ ትወስዳለች?»

«ዛሬ ጠዋት ወስዳለች።»

«እህልስ?»

ጐንበስ ብዬ የልጄን ነጠላ ሰበሰብሁ።

«አንተ ሰው፣ እህልስ?»

«ጠበል ስለሆነ... ከለከልኋት።»

አባ ወደ ሕዝቡ ዞረው፣ «ለስለት ማር ያመጣ ማነው? ቶሎ!» አሉ። ስሟን የማላውቃት አንዲት እናት የማር ቅሏን አቀበለች። አንዱ ማሩን በውሃ በርዤ በአፏ ላፍስስላት ቢል አባ እጁን መቱት። «ራሷን የሳተች ሰው አይጠጣም፤ ያንቃታል!» ልጄን በጎኗ አስተኟት፤ ማሩን በጣታቸው እየጠቀሱ በጕንጭዋ ውስጥ በኩል ይቀቡ ጀመር። ጥቂት ቀብተው ይጠብቃሉ፤ ደግሞ ጥቂት። እኔ ከእግሯ ሥር ወድቄ ነበር። በሆስፒታሉ አልጋ ሥር የተቀበልኋትን ልጅ በገዛ እጄ ይዤ መጥቼ በጠበሉ ደጅ ልቀብራት ነው የሚል ሐሳብ ብቻ ነበረብኝ።

መንፈራገጡ ቆመ። ከንፈሯ ማሩን ሲልስ አየሁ። ቆይታም ዐይኗን ገልጣ ተመለከተችኝ።

«አባዬ፣ ለምን ያለቅሳሉ?»

«እርስዎ» ወደ አፏ ተመልሷል። ያን ቃል ስሰማ መሬቱን ሳምሁ።

የአባ ምክር

መዋጥ ስትችል ብርዙን ጠጣች። አባም፣ «ማሩ ቶሎ ያልፋል፤ እህል አስከትሉበት» ብለው ዳቦ አስመጡላት። በአንድ ዋርካ ጥላ ሥር ተቀምጠን ሳለ ይህን ሁሉ ከወዴት እንዳወቁ ጠየቅኋቸው።

«ከሞተብኝ ሰው ነው» አሉኝ። «አንድ ነጋዴ እንዲህ ሲሆን ጋኔን መስሎኝ ሳጠምቀው ዋልሁ፤ አመሻሽ ላይ ዐረፈ። ኋላ የሰበታው ጤና ጣቢያ ድሬሰር መጥቶ አስረዳኝ። የወባ ሰው ይንቀጠቀጣል፤ ገላው ግን ይፋጃል። የሚጥል በሽታ ያለበት ድንገት ይወድቃል፤ መንፈራገጡ ሲያበቃ እንቅልፍ ይወስደዋል። ፀሐይ ላይ ብዙ የቆመ ዐይኑ ይጨልማል፤ በጀርባው ሲያስተኙት ይነቃል። ሰካራም ይንገዳገዳል፣ ይሳደባል፤ ስኳር የወረደበትም ልክ እንዲሁ። እኔ ሽማግሌው በዐይኔ ሁሉን አልለይም። ስለዚህ አስቀድሜ ጣፋጭ አቀምሳለሁ።»

«ርኩስ መንፈስ ቢሆንስ አባቴ?»

ሳቁ። «ቢሆንስ ማር ልሶ ይበረታል? ለእርሱ የምንጸልይበት ጊዜ አለን። ለዚህኛው ግን ጊዜ የለንም።»

ከሰዓት በኋላ አስካለ በልታ ጠግባ ተጠመቀች። ጥላውንም አስገባን። በማታው ወይዘሮ ጫልቱ ይሳለቁብኛል ብዬ ፈርቼ ነበር፤ እርሳቸው ግን የጠዋቱን ዳቦ ከመሶብ አውጥተው በአስካለ ፊት አኖሩና «ጨርሺ» አሏት።

ወደ ቤት

በሦስተኛው ቀን ስንመለስ ከሰበታ ጤና ጣቢያ ገብተን ድሬሰሩ አያት፤ የሆነውንም መርፌውን ላዘዘላት ሐኪም እንድንነግር አሳሰበን። እኔም ከሱቅ ስኳር ገዝቼ በወረቀት ጠቅልዬ ከዳዊቴ ማኅደር ውስጥ ጨመርሁ።

ኮልፌ ስንደርስ ፀሐይ እያዘቀዘቀች ነበር። ከፌርማታው አለፍ ብሎ ከአንድ አጥር ሥር የተቀመጠ ሰው ራሱን ይነቀንቃል፤ መንገደኛው «ሰካራም» እያለ ያልፈዋል። እኔም በፊት እንዲሁ አልፍ ነበር። ጐንበስ ብዬ ግንባሩን ዳሰስሁ፤ ስኳሩን በአፉ አደረግሁለት። ቀመሰና ቀና ብሎ አየኝ።

«አባቴ፣ ምንድን ነው ያጎረሱኝ?»

«ስኳር ነው ልጄ። መርፌ ትወስዳለህ?»

«ኧረ እኔ ጠጅ ነው የወሰድሁት! ግን ይጣፍጣል፤ ይድገሙኝ።»

አስካለ በነጠላዋ አፏን ሸፍና እስክትንፈቀፈቅ ሳቀች። ደገምሁለት። ላልታመመ ሰው አንድ ቁንጥር ስኳር ብሰጥ ምን ጐደለብኝ? የተማርሁትን ከመጽሐፍ ብቻ የተማርሁ ይመስለኝ ነበር፤ ዳቦ ከያዙ ሴት፣ ከነርስ፣ ሞት ካስተማራቸው መነኩሴ መማር እንዳለብኝ እግዚአብሔር በልጄ ነፍስ አሳየኝ፤ ነፍሷንም መልሶ ሰጠኝ። ስሙ ይመስገን።

ቤት ገብተን እኔ ለሠርክ ጸሎት ቆምሁ። ገና መጀመሬ ነው፤ ከጓዳ በኩል አስካለ ድምፅዋን አሰማች።

«አባዬ፣ ራበኝ።»

መጽሐፉን አጠፍሁና ዳቦውን ላመጣላት ሄድሁ።