ልጄ ያጠናችው ፍልስፍናና የሰባት ቀኑ ጠበል

ትናንት ከሰዓት የሸዋ ሮቢት ሙቀት ቤት አላስቀምጥ ሲለን፣ ከልጄ ከሰናይት ጋር ማንጎው ሥር ምንጣፍ ዘርግተን ተቀመጥን። ዩኒቨርሲቲ ከገባች የመጀመሪያ ዓመቷ ነው። ለእረፍት መጥታም ታጠናለች።

ትምህርቱ ፍልስፍና ነው ስትለኝ፣ ስምንተኛ ክፍል ያቆምኩ ሰው... ደነገጥኩ።

«ሃይማኖት አያስለቅቅም?»

«ኧረ አባዬ! መጠየቅ ነው የሚያስተምረው።»

በጣቷ እየቆጠረች አስረዳችኝ። ዲበ አካል የሚሉት፣ በእርግጥ ያለው ነገር ምንድን ነው ብሎ ነፍስንም ፈጣሪንም ይጠይቃል። ሥነ ዕውቀት፣ አወቅን የምንለውን በምን አወቅነው ይላል። ሥነ እሴት፣ መልካሙና ክፉው በምን ይለያል ይላል። ሎጂክ ደግሞ ከያዝነው ተነስተን የደረስንበት ነገር ልክ መሆኑን ይመረምራል።

«የመጀመሪያውንማ እኛ ስንጠመቅ ጨርሰነዋል» ብዬ ቀለድኩ። ሳቀች።

«በል ለሎጂኩ ምሳሌ ስጠኝ፣ ስህተቱን እኔ ላውጣ።»

ምን እንደነካኝ እንጃ... ሦስት ዓመት ከአፌ ያልወጣው ነገር ወጣ። እናቷ ስትታመም ወደ ደብረ ሲና በኩል ጠበል ይዣት ወጥቼ ነበር፤ ሰናይትም አብራን ነበረች። ጠበል የገባ ሰው ሰባቱን ቀን ሳይጨርስ መድኃኒት አይነካም ይባላል እኛ ዘንድ። በስምንተኛው ቀን ሐኪም ቤት ስንደርስ «ዘገያችሁ» አሉን።

«ምሳሌዬ ይኸውልሽ። ቶሎ ባሳክማት ትድን ነበር። አላሳከምኳትም። ስለዚህ የገደልኳት እኔ ነኝ።»

ሰናይት እስክሪብቶዋን አስቀመጠች።

«ትድን እንደነበር በምን አወቅህ?»

እሷው ቀጠለች። «በአራተኛው ቀን እማዬ ‹ብሶብኛል፤ ከሰማ ሱባኤዬን ሳልፈጽም ያወርደኛል፣ እንዳትነግሪው› አለችኝ። እኔም አልነገርኩህም። እንደ አንተ ምሳሌ ከሆነ... እኔም ገድያታለሁ።»

«አንቺማ ልጅ ነበርሽ! እናትሽ ለምናሽ! ምን ታውቂ ነበር?» ብዬ ጮህኩ።

«አንተስ ምን ታውቅ ነበር አባዬ?»

ድምፅዋ ሲሰበር ሳብ አድርጌ አቀፍኳት። ሁለታችንም አንድ ቤት ውስጥ፣ አንዳችን ለሌላችን ሳንነግር፣ ያንኑ ሸክም ተሸክመን ኖረናል ለካ...

ለንስሐ አባቴ የምነግረው አዲስ ኃጢአት አገኘሁ፤ እግዜር ብቻ የሚያውቀውን አውቃለሁ ብዬ፣ ሦስት ዓመት ሙሉ በራሴ ላይ ስፈርድ ኖሬያለሁ።