አማቴ ብቻ የጠየቁኝ ጥያቄ

ባለፈው ሳምንት ለጎረቤታችን ልጅ ሽማግሌ መጥቶ ነበር። እኔም ከሴቶቹ ጋር ጓዳ ተቀምጬ ነበር። አጎቷ በሩ ላይ ቆሞ «ልጄ፣ ወደሻል?» ሲላት አንገቷን ደፍታ ዝም አለች። ወዲያው እልልታው ቀለጠ። በእኛ አገር ልጅቷ ዝም ካለች እሺ ብላለች ማለት ነው፤ አፍ አውጥታ «አዎ» ብትል ድፍረት ይመስላል። እኔ ግን እልል ማለቱን ትቼ ፊቷን አየሁ። ይህች ልጅ ምን እያሰበች ይሆን አልኩ። እኔም በጊዜዬ እንደዚሁ ዝም ብዬ ነበር።

ያኔ ከእናቴ ጋር ሸዋሮቢት ዳር፣ ወንዙ አጠገብ ባለች ትንሽ የሽንኩርት ማሳ ላይ እንኖር ነበር። አባቴ ሞቷል፤ ወንድምም እህትም የለኝም። ስድስተኛ ክፍል ስደርስ የእናቴ ዓይን እየደከመ መጣና ትምህርቱን ትቼ ማሳውን ያዝኩ። ጀማል የመጣው የውሃ ሞተራችን ሲበላሽ ነው። የካራቆሬ ልጅ ነው፤ በየማሳው እየዞረ ሞተር ይጠግናል። እጁ ግራሶ እንደሆነ የሚጠጣ ውሃ ጠየቀኝ። ሰጥቼው ሮጥኩ። ከዚያ ወዲህ ደህናውን ሞተርም «እስቲ ልየው» እያለ ይመላለስ ጀመር።

ሽማግሌ ሲልክ ደስ ብሎኝ ነበር። ነገር ግን ካገባሁት የምገባው ሩቅ፣ ካራቆሬ ወላጆቹ ግቢ ነው። እናቴ ጨውና ስኳሩን እንኳ ቀምሳ ነው የምትለየው። እሷን ማን ያያታል? ልናገር እንዳልል ቀድማ አስጠንቅቃኛለች። «እኔን ሰበብ አድርገሽ ብትቀሪ አልምርሽም። ዓይኗ ጠፋ ብለሽም ለሰው እንዳትነግሪብኝ» ብላኛለች። ስለዚህ ስጠየቅ ዝም አልኩ፤ እልል ተባለ።

ሠርጉ ሲቃረብ ማሾ የሚለቀምበት ወቅት ነበር። የቤት ዕቃ ማሟላት የሴቷ ወገን ፈንታ ነው። የጀማል እናት እትዬ መዲና ግን «እሱን ለኔ ተዉት» ብለው ከካራቆሬ መጡና ሮቢት ገበያ ይዘውኝ ወጡ። ሙቀቱ ከአስፋልቱ ላይ እየተነሳ ፊት ይለበልባል። መንገድ ዳር ፓፓያ ገዝተው ግማሹን አጎረሱኝ። እኔ ከማፈሬ የተነሳ ፍሬውን የት እንደምተፋው ጠፍቶኝ ዋጥኩት።

«በይ፣ ለቤትሽ ምረጪ» አሉኝ ሱቅ ስንገባ።

ብርቱካንማ ጆግ አነሳሁ። ከዚያ ቀይ ኩባያዎች፣ ከዚያ ቢጫ ባልዲ።

ባለሱቁ ሳቀ። «እትዬ፣ ልጅቷ ሙሽራ ልትሆን ነው ወይስ ኳስ ሜዳ ልትገባ?»

«አንተ ዝም ብለህ ሽጥ፤ የመረጠችውን ነው የምገዛው» አሉት።

ምሳ እኛ ቤት በላን፤ የማሽላ እንጀራ በማሾ ወጥ። እናቴ የውሃውን ጣሳ ፍለጋ መሬቱን ስትዳብስ አላስቻለኝም። ሳላስብ አዲሱን ጆግ ከካርቶኑ አውጥቼ ፊቷ አስቀመጥኩ። እጇ በቀጥታ ያዘው። እትዬ መዲና ጉርሻቸው አፋቸው ውስጥ ቀረ።

ከምሳ በኋላ ሽንኩርቱን አሳዪኝ ብለው ወደ ማሳው ወሰዱኝ። «ዝም አለች ሲሉኝ እኔም ካራቆሬ ሆኜ እልል ብያለሁ። እስቲ ለኔ ንገሪኝ፣ ዝም ያልሽው ምን ብለሽ ነው?»

«ጀማልን… አልጠላሁም።»

«ታዲያ?»

«እናቴ ደማቅ ቀለም ካልሆነ አታይም። ዕቃውን ለሷ ትቼላት ልሄድ ብዬ ነው።» ከዚያ በላይ መናገር አልቻልኩም።

በሻርፓቸው ጫፍ ፊቴን ጠረጉልኝ። «እኔ ደግሞ ምን ዓይነት ቀለም ወዳድ አገኘሁ እያልኩ!» አሉ። ሊስቁ ፈልገው ነበር፤ ድምፃቸው ግን እምቢ አላቸው። ወዲያው ወደ አገራቸው ሄዱ።

ከዚያ በኋላ ወሬያቸው ጠፋ። ጀማልም አልመጣም። እናቴ «ምን ሆነው ነው?» ስትለኝ ሽንኩርቱ ላይ አጎንብሼ ማረሜን እቀጥላለሁ። በቃ፣ ነገሩን በአፌ አፈረስኩት ብዬ ነበር።

አንድ ጁምዓ ከሶላት በኋላ የጀማል አባት ጋሽ ይማም ብቻቸውን መጡ። ሊያፈርሱት ነው አልኩ። እሳቸው ግን እናቴ ፊት ተቀምጠው «እትዬ ፋጤ፣ ልመና ይዤ ነው የመጣሁ» አሉ። «የሚበላሸው ሞተር ሁሉ ያለው እዚህ ወንዝ ዳር ነው። ልጄ በየቀኑ ሲመላለስ ሊሞት ነው። ከግቢዎ ጥግ ለልጆቹ መኖሪያ አንድ ክፍል መሥሪያ ቢፈቅዱልን፣ ለኛ ትልቅ ውለታ ነው።»

እናቴ «ጋሽ ይማም፣ የደከመው ዓይኔ እንጂ ጆሮዬ አይደለም» አለቻቸው።

«እንግዲያው ሰምተውኛል። እምቢ ይበሉኝ እስቲ፣ እስከ ካራቆሬ እየተሳደብኩ ነው የምሄደው!»

«ወንድ ልጅ ሚስቱ እናት ግቢ ገባ ሲሉ፣ ሰው ምን ይላል?»

«ያሻውን ይበል። የለመንኩት እኔ ነኝ፤ ስድቡም የኔ ነው።»

እናቴ መጀመሪያ ሳቀች። ከዚያ ፊቷን በሻርፗ ሸፈነች።

እንጨቱና ቆርቆሮው ከካራቆሬ በአይሱዙ ተጭኖ መጣ። እትዬ መዲና ቀሚሳቸውን ሰብስበው ጭቃውን ከጭዱ ጋር ሲረግጡ ላግዝ ብጠጋ «ሂጂ ከዚህ፣ ሙሽራ ጭቃ ውስጥ አትገባም!» ብለው አባረሩኝ። ኒካህ ታስሮ ጀማል በዘፈን ታጅቦ ወደኛ ግቢ ሲገባ፣ የሰፈሩ ሴቶች «እንኳን ደህና መጣሽ ሙሽሪት!» እያሉ አበሸቁት። እሱም ሻርፕ ተቀብሎ ተከናነበላቸው።

ባለፈው ሳምንት፣ ለጎረቤታችን ልጅ ሽማግሌ በመጣ ማግስት፣ እትዬ መዲና ሊጠይቁን መጡ። ስንት ዓመት ለመጠየቅ ያፈርኩትን ነገር ጠየቅኳቸው። «እትዬ፣ ያኔ ጀማልን ሲሰጡን አልከፋዎትም?»

«ከፋኝ እንጂ! የመጨረሻ ልጄ አይደል? ያን ለት ከናንተ ወጥቼ ሚኒባስ ውስጥ ሳለቅስ ነው ካራቆሬ የደረስኩት። ረዳቱ ‹እማማ፣ ሰው ሞቶብዎት ነው?› አለኝ። ‹ኧረ ልጄን ልድር ነው› አልኩት።»

ትልልቆቹ ልጆቻቸው ብዙ ስለሆኑ ጀማል አይጎድልባቸውም ብዬ ነበር የማስበው። ለካ የሰጡን የሚሳሱለትን ነው። እኔ ለእናቴ የፈራሁትን ብቸኝነት እሳቸው ወደ ራሳቸው ቤት ወሰዱት፤ ይህንንም እስክጠይቃቸው ድረስ አልነገሩኝም።

ጀማል ከሥራ ሲገባ «ዘንድሮ ረመዳንን የምንፆመው ካራቆሬ ነው፣ ሁላችንም» አልኩት።

«ማን ወሰነ?» አለ እየሳቀ።

«እኔ» አልኩት።

እናቴ ከውስጥ ሆና «ሻንጣዬን አውርዱልኝ» አለች።