የጎረቤታችን ተውኔት መደምደሚያ

በስደት በምንኖርበት ክሬሰንት ታውን በሚባል ሰፈር ውስጥ፣ ከእኛ በር ፊት ለፊት የሚኖሩት አዛውንት፣ ማራቲ በሚባለው የሕንድ ቋንቋ የሚጽፉ ጸሐፌ ተውኔት ናቸው። ሙምባይ ሳሉ ቀን ባንክ ይሠሩ፣ ማታ ይጽፉ ነበር፤ ስለ ጠባብ ቤቶች፣ ስለ አማቶችና ምራቶች። የጻፉትን ሁሉ መጀመሪያ ጮክ ብለው የሚያነቡላቸው ባለቤታቸው ነበሩ። አምና ባለቤታቸው ሲያርፉ የአዲሱ ተውኔት መደምደሚያ ሳይነበብ ቀረ። በጆሯቸው ያልሰሙትን ደግሞ መጨረስ አልቻሉም።

አንድ ቀን ሊፍት ውስጥ፣ «ልጄ፣ ጥቂት ገጽ ታነቢልኛለሽ?» አሉኝ።

እናቴ ስትሰማ ሳቀች። «አንቺ? ፒዛ ለማዘዝ እንኳ ‹እማዬ ኮል አድርጊልኝ› የምትዪው?»

«ዝም ብዬ እኮ ነው የማነበው።»

«ዝም ማለቱንማ ማን ብሎሽ!»

ቤታቸው ስገባ የአንባቢው ወንበር ወደ መስኮቱ ዞሮ ጠበቀኝ። አንባቢው ጀርባውን ሰጥቷቸው ነው የሚያነበው፤ ፊት ካዩ ያታልላቸዋል። እኔ ግን ለትልቅ ሰው ጀርባ መስጠት ነውር ነው እየተባልኩ ያደግሁ ነኝ፤ በጎን ተቀመጥኩ። ትንሽ እንዳነበብኩ አስቆሙኝ።

«እያየሽኝ ነው። እኔን ደስ እንዲለኝ ነው የምታነቢው።»

«ይቅርታ።»

«ይቅርታው ይቅርና ዙሪ።»

ዞርኩ። ያነበብኩት ለእኔ ብለው ወደ እንግሊዝኛ የመለሱትን ንግግር ነበር። አንዲት እናት፣ ወደ ሩቅ አገር ሊወስዳት ለመጣ ልጇ ለምን እንደማትሄድ ትነግረዋለች።

«የባንክ ደብዳቤ ነው እንዴ?» አሉ ከኋላዬ። «ከእናትሽ ጋር በምታወሪበት ቋንቋ በዪው።»

«አይገባዎትም እኮ።»

«ትንፋሹ ይገባኛል።»

እንግሊዝኛውን እያየሁ ወደ አማርኛ መለስኩት። እናትየዋ ስለ ጉልበቷ፣ ስለ ጎረቤቶቿ፣ ስለ ሟች ባሏ ታስረዳለች። ንግግሩ ከመርዘሙ የተነሳ ትንፋሽ አጠረኝ። የመጨረሻው መስመር ላይ ስደርስ ግን ድምፄ ሳላስበው ለሰለሰ።

«እዚህ ጋ ምን አለች?»

«‹ቁርስህን ብላና ሂድ።›»

«ከዚያ በፊትስ?»

መልስ ለመስጠት ፈራሁ፤ የለፉበት ነገር ነው። «ምክንያቶቿን» አልኩ ወደ መስኮቱ። «ግን… እናቴ ብትሆን ያን ሁሉ አትለውም። ‹ብላ› ነው የምትለው።»

ያስቀየምኳቸው መሰለኝ። ከዚያ ብዕራቸው ወረቀት ላይ ሲሰርዝ ሰማሁ፤ ገጹን ገለጡ፣ እንደገና ሰረዙ።

«ባለቤቴ ብትሆን ምክንያቶቹን ማንበብ ገና ስትጀምር ታዛጋ ነበር» አሉ። ድምፃቸው ውስጥ ሳቅ ነበረ። «በእናንተ ቤት ልጁ ይበላል?»

«መጀመሪያ እንቢ ይላል። ከዚያ ይበላል።»

«በእኛም ቤት እንደዚያው ነው» አሉና እየጻፉ ጮክ ብለው አነበቡልኝ፦ «እንቢ ይላል። ሳህኑን ታስጠጋለታለች። ይበላል። መጋረጃ።»