የቀንድ አውጣው በር

ቦርሳዬን በፈተሽኩ ቁጥር ከቁልፍና ከፀጉር መርፌ መሀል አንዲት ጥፍር የምታህል ቡኒ፣ ቀጭን ነገር ትወጣለች። የማያውቃት ሰው የተሰበረ የኮት ቁልፍ ናት ይላል። በጣት ሲዳስሷት አንድ ጎኗ ላይ ከመሀል ተነስቶ ወደ ዳር እየሰፋ የሚዞር መስመር አለ። ስሟ "ኦፔርኩል" ነው። ቃሉ ፈረንሳይኛ ነው፤ እኛ ቤት ግን ከአማርኛው ጋር ተቀላቅሎ ስለኖረ ለእኔ እንደ ድስትና እንደ ጭልፋ የቤት ቃል ነው። ልጅ እያለሁ ከእማዬ ሳልለይ እንዳድግ ያደረገችኝ እሷ ናት ብል፣ ባጋንን ጥቂት ብቻ ነው።

ቤታችን አረብ አገር፣ ፉርን ኤል ሸባክ የሚባል ሰፈር ውስጥ አንድ አሮጌ ፎቅ ጣራ ላይ የተሠራች አንዲት ክፍል ነበረች። እማዬ፣ የሺ፣ እኔን ከመውለዷ በፊት የከፊሏን፣ ማለት ያስመጣቻትን አሠሪዋን፣ ቤት ጥላ ስለወጣች የመኖሪያ ወረቀት አልነበራትም። እናት የሌላትን ወረቀት ልጅ ከየት ታመጣለች? እኔም አልነበረኝም። አብራን የእማዬ የአገሯ ልጅ እትዬ ጽጌ ትኖር ነበር፤ ምላሷ ስል፣ ሆዷ ግን ቡቡ። እንደኔ እዚያ ያደጋችሁ ታውቁታላችሁ፤ የእኛ ልጅነት በሹክሹክታ ነው ያለፈው። ደረጃው ላይ የማናውቀው ኮቴ ከተሰማ መሳቅ ክልክል ነው። እትዬ ጽጌ ቅልብልቦሽ ያስተማረችኝ እንኳ ጠጠሩ ሲወድቅ እንዳይሰማ ብርድ ልብስ አንጥፋ ነው። ጠዋት ጠዋት ከታች ካለው ዳቦ ቤት የዛዕተር ቅመም ሽታ እየመጣ ያስጎመጀኝ ነበር። ማታ እማዬ ስትገባ ደግሞ ወለል ካጠበችበት በረኪና እጇ ክሎር ክሎር ይሸታል። በክሎር ሽታ ልቡ ደስ የሚለው ሰው እስከ ዛሬ እኔ ብቻ ሳልሆን አልቀርም።

ሰባት ዓመት ገደማ ሲሆነኝ፣ ቀን ቀን የምትጠብቀኝ እትዬ ጽጌ ካራንቲና ሰፈር አንድ መጋዘን ውስጥ የጽዳት ሥራ አገኘች። እኔን የሚይዝ ሰው ጠፋ። እማዬ ያኔ የምትሠራው ሲን ኤል ፊል በሚባል ሰፈር፣ ማዳም ሳልማ የምትባል ጡረታ የወጣች የሳይንስ አስተማሪ ቤት ነበር። ልጄን ይዤ ልምጣ ብላ ስትለምናት ማዳም እሺም እምቢም አላለችም። "እስከ ፋሲካ በዓል ይዘሻት ነይ፣ ያኒ እንያት። ከበዓሉ በኋላ ቁርጡን እነግርሻለሁ" አለቻት። ቁርጡ እምቢ ከሆነ፣ ወደ አገር ቤት ከምትመለስ አንዲት ሴት ጋር ኮምቦልቻ አክስቴ ዘንድ እንድሄድ ተወስኗል። ሰማያዊ ሻንጣም ተገዝቶ አልጋው ሥር ገብቷል። እማዬ ስለ ሻንጣው አንድም ቀን አንስታ አታውቅም። እኔ ግን ስተኛ እጄን ወደ ታች ሰድጄ እነካው ነበር። አክስቴን በፎቶ እንጂ አላውቃትም።

ማዳም ሳልማ ቤት ሳሎኑ ውስጥ ባለመስታወት ቁም ሳጥን ነበር። ከየባሕሩ በተሰበሰበ ዛጎል የተሞላ ነው፤ ግማሹ ሹል፣ ግማሹ ድቡልቡል፣ አንዳንዱ ሮዝ ከንፈር ያለው። እማዬ "እንደሌለሽ ሁኚ" ስላለችኝ ወጥ ቤት በርጩማ ላይ ተቀምጬ በበሩ በኩል በዓይኔ ብቻ እበላው ነበር። እንደሌለ በመሆን ደግሞ የሚያህለኝ የለም፤ የተማርኩት እሱን ነው።

በዓሉ ሲቃረብ እዚያ አገር ታዕዚል የሚባለው ትልቁ የቤት ጽዳት ደረሰ። መጋረጃ ይወርዳል፣ ምንጣፍ ይወጣል፣ የቁም ሳጥን ሆድ ይገለበጣል። የዚያን ቀን ማዳም እህቷን ልትጠይቅ ተራራ ላይ ወዳለ መንደር ወጥታ ነበር። እማዬ ማዳሟን ደስ ልታሰኝ ፈልጋ፣ ማንም ሳያዛት ያንን ባለመስታወት ቁም ሳጥን ከፈተችው። ዛጎሎቹን አንድ በአንድ ስታወጣ አፋቸው ውስጥ ጥጥ ተወትፎ አገኘች። ጥጡ ላይ ደግሞ የደረቀ ቅርፊት የመሰለ ነገር ተለጥፏል። "አይ ማዳሜ! ስንት ዘመን ሳይጸዳ ኖሯል" አለችና ጥጡን እየጎተተች አወጣች፤ ቅርፊቱን እየላጠች ለየች፤ ዛጎሉን በሳሙና ውኃ አጥባ እስኪያበራ ወለወለችው። ጥጡን ጣለች። ቅርፊቱን ግን አልጣለችም። በሰው ቤት የሚሠሩ የእኛ ሴቶች አንዷ ለሌላዋ የምታወርሳት ሕግ አለች፦ ባለቤቷ ሳታይ ቁራጭ ክር እንኳ አይጣልም። ዛሬ የጣልሽው ቆሻሻ ነገ የጠፋ ወርቅ ይሆንብሻል። እማዬም ቅርፊቶቹን ሁሉ አንድ የብስኩት ቆርቆሮ ውስጥ አጠራቅማ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች።

ማዳም ሳልማ ስትመለስ ቦርሳዋን እንኳ አላስቀመጠችም። ቁም ሳጥኑን አየች፣ የሚያበሩትን ዛጎሎች አየች፣ ባዶ አፋቸውንም አየች። "አንቺ የሺ፣ ውስጣቸው የነበረውስ?" አለች በቀጭን ድምፅ። የእማዬ ፊት አመድ መሰለ። ቆርቆሮውን በሁለት እጇ ይዛ አቀረበችላት። ማዳም ከፍታ አየችና ወንበር ላይ ዘጭ አለች።

"ክሎር ነክቷቸዋል?"

"ላ ማዳም፣ ወላሂ ሳሙና ብቻ!" እማዬ ኦርቶዶክስ ናት፤ ስትደነግጥ ግን በሰፈሩ ቋንቋ ነበር የምትምለው።

እኔ ወጥ ቤት ሆኜ ሻንጣውን አሰብኩ። የዚያን ዕለት የፈራሁትን ያህል ከዚያ ወዲህ ፈርቼ አላውቅም። ቁርጡ ዛሬ መጣ አልኩ።

ማዳም ቆርቆሮውን ጠረጴዛው ላይ አኖረችው። ከዚያ አንዱን ቅርፊት አንስታ፣ ክፍል ውስጥ እንደቆመ አስተማሪ ማስረዳት ጀመረች። ልማዷ አሸነፋት መሰለኝ። "ይሄ ቆሻሻ አይደለም። ኦፔርኩል ይባላል። የባሕር ቀንድ አውጣ በር ነው" አለች። እግሩ ጀርባ ላይ ተሸክሞት ይሄዳል አለች። ሲፈራ መጀመሪያ ጭንቅላቱን ያስገባል፣ ከዚያ እግሩን፣ በመጨረሻ ያቺ ክዳን መጥታ አፉ ላይ ግጥም ትላለች። አብራው ስለምታድግም የአንዱ ክዳን ለሌላው አይሆንም። አጥኚዎች ጥጥ ላይ ለጥፈው አፉ ውስጥ የሚያስቀምጧት የየትኛው እንደሆነች እንዳይጠፋቸው ነው። "አሁን ግን ሁሉም ተቀላቀለ። ኸላስ፣ አበቃ" አለችና ቆርቆሮውን ገፋችው።

እኔ ከበርጩማዬ መቼ እንደተነሳሁ አላውቅም። ጠረጴዛው አጠገብ ቆሜ አንዲት ክዳን አነሳሁና ሮዝ ከንፈር ካለው ዛጎል አፍ ላይ ሞከርኳት፤ ሰፋች። ቀጥሎ ያለው ላይ ሞከርኳት፤ ጠበበች። ሦስተኛው ላይ ግጥም አለች። እማዬ እጄን ልትመታኝ እጇን ስታነሳ ማዳም "ተያት!" አለቻትና መነጽሯን አደረገች።

የከሰዓት በኋላው በሙሉ እንዲህ አለቀ። ማዳም ትልልቆቹን ለየች፣ እማዬ አዲስ ጥጥ አመጣች፣ እኔ ትንንሾቹን ገጠምኩ። በብርድ ልብስ ላይ ድምፅ ሳያሰማ ጠጠር ሲለቅም ያደገ ጣት ለካ ሥራ ያውቃል። ማዳም አንዳንዴ "ብራቮ ማሪ" ትላለች፤ ማሪያማዊት የሚለው ስሜ አፏ ላይ አልዞር ብሎ ነው። መብራት ሄዶ እስኪመጣ እንኳ በረንዳው ላይ ወጥተን ቀጠልን። መጨረሻ ላይ ሁሉም ዛጎል በሩን አገኘና አንዲት ክዳን ተረፈች። ማዳም እያገላበጠች አየቻትና "የዚች ዛጎል ድሮ ወድቆ ተሰብሯል" ብላ መዳፌ ላይ አኖረቻት።

ንዴቷ የበረደ እንዳይመስላችሁ። ከዚያን ቀን ጀምሮ የቁም ሳጥኑን ቁልፍ አንገቷ ላይ አንጠልጥላ ነበር የምትዞረው። ልንወጣ ስንል ግን ወደ እማዬ ዞረችና "ሰኞ አንቺ ብትቀሪም ልጅቷ ትምጣ" አለቻት።

እማዬ ሰርቪሱ ታክሲ ውስጥ እስከ ፉርን ኤል ሸባክ ድረስ አለቀሰች። ሾፌሩ ሰው የሞተባት መስሎት ዘፈኑን ዘጋው። ቤት ገብታ ሻንጣውን አወጣችና የክረምት ብርድ ልብስ ጠቀጠቀችበት። እትዬ ጽጌ ታሪኩን ስትሰማ "ሳይደግስ አይጣላም" አለች። ከዚያ ክዳኗን ተቀብላኝ ፊቷ ላይ አስጠግታ አየቻትና "እኛ ዓባይ ነን፤ ማደሪያ የለው ግንድ ይዞ ይዞራል። ይሄ ጉደኛ ግን ማደሪያውንም በሩንም ይዞ ይዞራል!" ብላ ሳቀች።

ቃሉ እንደዚያ ቤታችን ገባ። የድስት ክዳን ኦፔርኩል ሆነ፤ "ኦፔርኩሉን ክደኚው፣ ወጡ ይቀዘቅዛል" ይባላል። ደረጃው ላይ ኮቴ ሲሰማ ደግሞ እትዬ ጽጌ ቀስ ብላ "ኦፔርኩል" ትላለች፤ በሩ ይዘጋል፣ ሦስታችንም ትንፋሻችንን እንውጣለን። የመጀመሪያው ዝናብ ሲጥል ከግንብ ላይ የለቀምኩትን የየብስ ቀንድ አውጣ ለማዳም ብወስድላት፣ አፉ ላይ የደረቀውን ስስ ሽፋን አይታ "ይሄ ኦፔርኩል አይደለም፤ በበጋ ከልጋጉ ይሠራዋል፣ ዝናብ ሲመጣ ይጥለዋል" አለችኝ። ይህንን ለእትዬ ጽጌ ስነግራት ጊዜ አልወሰደባትም፦ "ያቺማ የኪራይ በር ናት!"

አሁን ማዳም ሳልማ የለችም፤ ነፍሷን ይማር። ፈረንሳይኛ ማንበብ ያስተማረችኝ እሷ ናት። እኔም አድጌ ወረቀት አገኘሁ፤ ካራንቲና ልብስ ስፌት እሠራለሁ። እማዬ ግን ጉልበቷ ደከመና አምና ወደ አገሯ ገባች። ያንን ሰማያዊ ሻንጣ ከአልጋ ሥር ጎትቼ፣ ብርድ ልብሱን አውጥቼ፣ ልብሷን የከተትኩላት እኔ ነኝ። እኔን ሊወስድ የተገዛው ሻንጣ እሷን ወሰዳት። አውሮፕላን ማረፊያው በር ላይ ክዳኗን ልሰጣት ብል ጣቶቼን መልሳ ጨበጠችልኝ። "እኔስ ቤቴ ነው የምገባው፣ አንቺ ያዢያት" አለችኝ።

አሁን ኮምቦልቻ ስደውልላት ከጀርባዋ የሚሰማው ጫጫታ ለጉድ ነው። የአክስቴ ግቢ በሩ ቀኑን ሙሉ ክፍት ነው፤ የጎረቤት ልጅ እየጮኸ ይገባል፣ እየጮኸ ይወጣል፣ ዝም በል የሚለው የለም። እማዬ ያ ሁሉ ጩኸት እየጣማት በመሀል በመሀል ድምፄን ታጣዋለች። ልንሰነባበት ስንል ግን ሁልጊዜ ያንኑ ትጠይቀኛለች።

"ማሪዬ፣ ኦፔርኩልሽን ዘጋሽ?"

"ዘግቻለሁ እማዬ።"

ዛሬ የሚያሳድደኝ የለም፤ ደረጃው ላይ የሚሰማው ኮቴ የጎረቤቴ ነው፣ በሬም ብዙ ጊዜ ገርበብ እንዳለ ነው። ስልኩን ከዘጋሁ በኋላ ተነስቼ እዘጋዋለሁ።