በፏፏቴው አፋፍ ላይ የቆመው ሰው

ወሩ ጥቅምት እንደ ነበር እርግጠኛ ነኝ፤ ሣር የሚታጨድበት ወር ነበርና። ዓመቱን ግን ሁለት ጊዜ ጽፌ ሁለት ጊዜ ሰርዣለሁ። ከባሕር ማዶ ትምህርቴ ከተመለስሁ ገና ዓመት አልሞላኝም ነበር፤ ጠላት አገራችንን ሊወር ጥቂት ዓመታት ቀርተውት ነበር። ዩኒቨርሲቲ ገብቶ ሕግ የተማረ ሰው ዓመት መሳቱ ያሳፍራል። ከዚህ በታች የምጽፈው ከዚያ የበለጠ ስለሚያሳፍር ግን በዓመቱ ላይ አልቆይም።

የምኖረው እሪ በከንቱ ነበር። ሃብተ ጊዮርጊስ ድልድይ አጠገብ አቡጀዲ የሚሸጥ አንድ የጃፓን ነጋዴ ነበረ። ጥቂት ፈረንሳይኛ ያውቅ ስለ ነበር በዚያው ቋንቋ እንግባባለን፤ ከሰው ጋር ሲነጋገርም አስተረጉምለት ነበር። ይህ ሰው እሑድ እሑድ ሱቁን ዘግቶ ደጃፉ ላይ ይቀመጥና እንጦጦን ቀና ብሎ እያየ ይተክዛል። በአገሩ ሰዎች መንገድ መሪ ይዘው ከንጋት እስከ ማታ በተራራ ላይ ሲሄዱ ይውላሉ፤ ፏፏቴ ሲያገኙም ልብሳቸውን አውልቀው ከሥሩ ይቆማሉ፤ ውሃው ትከሻቸውን እየደበደበ ሐሳባቸውን ያጥብላቸዋል። ይህን ሁሉ ያጫወተኝ እርሱ ነው። በመጨረሻም፣ እዚህ አገር እንዲህ ያለ ቦታ የሚያውቅ መሪ ፈልግልኝ አለኝ።

ሩቅ መፈለግ አላስፈለገኝም። የሱቁ ዘበኛ ተወልዶ ያደገው ከእንጦጦ ባሻገር ነበር። ሃምሳ ዓመት ያለፈው፣ ረጅም፣ በነገር የማይቻል ሰው ነው። ነጋዴው ያሰበውን ስነግረው አገጩን እየዳበሰ አዳመጠኝ።

«ለመሆኑ በአገሩ ተራራ የለም?»

«ሞልቷል ይላል።»

«ውሃስ?»

«እርሱም ሞልቷል።»

«ታዲያ ጫማውን እዚያው አይጨርስም ነበር?» አለና ሳቀ። ጥቂት ቆይቶ ግን ሳቁን ተወና፣ ቦታውን እንደሚያውቀው፣ እርሱ ራሱ እንደሚመራን ነገረኝ። ድምፁ የመለመን ያህል ለስልሶ እንደ ነበር አሁን ይሰማኛል። ያን ጊዜ ተሰምቶኝ እንደ ሆነ ግን አላውቅም።

እሑድ ንጋት ላይ ከአራዳ ተነሥተን በጊዮርጊስ በኩል ሽቅብ ወጣን። መሪያችን ፊት ፊት፣ ነጋዴው እግሩን በጨርቅ ጠቅልሎ መካከል፣ እኔ ከኋላ። ዳገቱ የፈራነውን ያህል አልነበረም። ከባሕር ዛፉ አልፈን ከጋራው ጫፍ ስንደርስ ወዲያ ማዶ የሱሉልታ ሜዳ ወርቃማ ሣሩን እንደ ለበሰ ተዘረጋ። ነጋዴው ባርኔጣውን አውልቆ ለሜዳው እጅ ነሣ። መሪያችን ድንጋይ ላይ ተቀመጠና ሜዳውን በዓይኑ ከዳር እስከ ዳር ለቀመው።

«ልጄ፣ አንድ ነገር ልንገርህ፤ ለጌታው ግን አታስተርጉምለት» አለኝ። «ከዚህ ወዲያ ደም አለብኝ። በግጦሽ ተጣልተን አንድ ሰው በሽመል መትቼ ገድያለሁ። ይህን ጋራ ካላለፍሁ ሰባት ዓመቴ ነው። የሟቹ ታናሽ ወንድም ዛሬም በሕይወት አለ።»

«ታዲያ ለምን መጡ?»

«አገሬን ማየት አምሮኝ ነዋ። ሰበብ አጥቼ ስቀመጥ ይህ ሰውዬ መጣልኝ።»

ከዚያ መመለስ እንችል ነበር። ለነጋዴው አንድ ቃል ብነግረው ያለ ጥርጥር ይመለስ ነበር። እኔ ግን ገና ትኩስ የሕግ ምሩቅ ነበርሁና፣ «ሕግ ባለበት አገር ማን ይነካዎታል?» አልሁት።

«ሕጉ አብሮን መጥቷል?» አለና አዲሱን ባርኔጣዬን አየው። «እንግዲያው ከእንግዲህ አንተ ፊት ፊት ሂድ።»

ቁልቁል ወርደን ሜዳውን ዳር ዳሩን ይዘን ሄድን። ከቀትር በፊት ፏፏቴው ዘንድ ደረስን። ክረምቱ ከወጣ ብዙ ስላልቆየ ውሃው ሙሉ ነበር፤ ከጥቁር አለት ጫፍ ተወርውሮ ጎድጓዳ ኩሬ ውስጥ ሲወድቅ መሬቱ ከእግራችን በታች ይንቀጠቀጣል። ነጋዴው ልብሱን አውልቆ፣ ወገቡን በነጭ ጨርቅ አስሮ፣ ከሥሩ ገብቶ ቆመ፤ ዓይኑን ጨፍኖ መዳፎቹን ገጠመ።

«ጠበል ነው ብሎ ማን ነገረው?» አለ መሪያችን። እርሱ አለቱ ጫፍ ላይ፣ ውሃው ከሚወረወርበት ቦታ ጎንበስ ብሎ ይጠጣል። እኔ ከእርሱ ከፍ ብሎ ከሚገኘው መሻገሪያ አጠገብ ተቀምጬ ነበር፤ በዚያ ውሃው ሰፊና ጸጥተኛ ስለሆነ ሰው ከድንጋይ ድንጋይ እየረገጠ ማዶ ይሻገራል። ከበስተኋላዬ ባለው መስክ አራት ወይም አምስት ሰዎች ሣር ያጭዱ ነበር።

አንዱ አጫጅ በእኔ በኩል ሳይሆን በታች፣ በአለቱ ዳር ዞሮ ሲመጣ አላየሁም። ያየሁት ድንጋይ የመሪያችንን ትከሻ ሲመታውና ፊቱን ውሃው ውስጥ ሲደፋው ነው። ቀና ሲል አፉ ደም ሞልቶ ነበር። ሰውዬው ማጭድ ይዞ ሁለተኛ ድንጋይ ወረወረ፤ ይህኛው ጆሮውን ገመጠው። መሪያችን ተነሥቶ ሽቅብ ወደ መሻገሪያው፣ ወደ እኔ ሮጠ። ለዕድሜው እጅግ ፈጣን ነበር። የመጀመሪያውን ድንጋይ ረገጠ፤ ሁለተኛውን ረገጠ። ሦስት እርምጃ ቢጨምር ማዶው ዱር ነው።

በዚህ ጊዜ ነው፣ «በሕግ አምላክ! በንጉሥ አምላክ ቁሙ!» ብዬ የጮኽሁት።

በዚያ ዘመን ይህን ቃል የሰማ ሰው፣ የሚሸሽም ቢሆን የሚያሳድድም ቢሆን፣ መቆም ግዴታው ነበር። መሪያችን ቆመ። ድንጋዩ ላይ እንደ ተተከለ ቀረና ፊቱን ወደ እኔ መለሰ፤ ሁለት እጁንም ባዶ መሆኑን ለማሳየት ዘረጋ። አሳዳጁ አልቆመም። ፏፏቴው በሚያገሣበት በአለቱ ጫፍ በኩል ዘልሎ መጣና ማጭዱን ከአንገቱ ሥር አግብቶ ሳበው። ሁለተኛውን የሰነዘረው መሪያችን ወድቆ ሳለ ነው። ሦስተኛውን አይቼ እንደ ሆነ አላውቅም፤ ቁስሉ ግን ሦስት ነበር። ሰፊው ጸጥተኛ ውሃ ደሙን ይዞ ወደ አለቱ ጫፍ ሄደ። ከታች ዓይኑን ጨፍኖ የቆመው ነጋዴ ትከሻ ላይ የወረደው ይኸው ውሃ ነው።

አጫጆቹ ሮጠው ደርሰው፣ «ሕግ ደፈርህ!» እያሉ ገዳዩን በሣር መንሻቸው እንጨት ደበደቡት። ጥርሱ ረገፈ፤ አንድ እጁ ተሰበረ። አልተከላከለም። ነጋዴው ልብሱን ሳይለብስ ወጣና ሬሳውን ከውሃው ጎትቶ አወጣው፤ ዓይኖቹን የከደነለት እርሱ ነው። እኔ ከተቀመጥሁበት የተነሣሁት ከዚያ በኋላ ይመስለኛል።

ሬሳውን በቃሬዛ ተሸክመው ወደ አራዳ ዳኛ ሊያወርዱ ተስማሙ። ከአጫጆቹ ሁሉ የሚበልጠው ሽማግሌ የገዳዩን ጋቢ ጫፍ አምጥቶ ከግራ እጄ ጋር ቋጠረው። «የሕግን ስም የጠራህ አንተ ነህና አንተው አድርሰው» አለኝ። እንዲህ ተቆራኝተን መንገድ ጀመርን። ቃሬዛው ከፊታችን ይሄዳል፤ ከእርሱ የሚንጠባጠበውን ላለመርገጥ ሁለታችንም በአንድነት ወደ ጎን እንል ነበር።

ዳገቱን ስንጀምር ገዳዩ በተሰበረ አፉ፣ «ጌታዬ፣ ለምን ቆመ?» አለኝ።

ዓይኔን ቃሬዛው ላይ ተከልሁ።

«ሦስት እርምጃ ቢሄድ አምልጦኝ ነበር። እኔ እንደ እርሱ ድንጋዩን አላውቀውም። ለምን ቆመ?»

በእውነት ግራ የገባው ሰው ድምፅ ነበር። ያን ጊዜ ገባኝ። ይህ ሰው ጩኸቴን አልሰማም፤ የውሃው ግሣት ውጦበታል። እንግዲያው ድምፄ የደረሰው ለአንድ ሰው ብቻ ነው፤ እርሱንም አቁሞ ለማጭድ ሰጠው። ጋራው ጫፍ ላይ ደግሞ ጠየቀኝ። ለሦስተኛ ጊዜ የጠየቀኝ ራስ መኮንን ድልድይ ላይ ነው፤ በዚያ ሰው ተሰብስቦ ድንጋይ ይወረውርበት ነበር። ቅንድቡ ተሰንጥቆ ደሙ ዓይኑ ውስጥ እየገባ፣ «ይንገሩኝ እንጂ፣ ለምን ቆመ?» አለኝ። ለእኔ የተወረወረ ይመስል አንገቴን ደፋሁ።

ችሎቱ በዚያው ሳምንት ተሰየመ። ገዳዩ የወንድሙን ደም ለመመለስ መግደሉን አልካደም። አጫጆቹ ከመስኩ ሆነው «በሕግ አምላክ» ሲባል መስማታቸውን ማሉ፤ እውነታቸውን ነው፤ እነርሱ ከውሃው ርቀው ነበርና። ዳኛው ረጋ ያሉ አዛውንት ነበሩ።

«ደመኛውን የገደለ ሰው እንደ ሆነ ሽማግሌ ይገባበታል፤ የደም ካሣ ይቆረጥለታል» አሉ። «በንጉሥ ስም የቆመን ሰው የገደለ ግን ንጉሡን ደፍሯል። ለእርሱ ሽማግሌ የለውም።»

«አልሰማሁም» አለ ገዳዩ። «ይህንን ጌታውን ጠይቁልኝ። በመንገድ ምን ስላቸው እንደ ዋልሁ እርሳቸው ያውቃሉ።»

ዳኛው ወደ እኔ ዞሩ። «አንተ ልጅ የተማርህ ነህ፤ ቃልህን እናምናለን። ምን ሲልህ ነበር?»

ከዳኛው ጀርባ የመሪያችን ሚስት ጥቁር ለብሳ ቆማ ነበር። በችሎቱ ውስጥ ስንት ሰው እንደ ነበረ አላስታውስም፤ ዓይኗ ግን ዛሬም አለ። ሰውዬው የጠየቀኝን ብናገር አንገቱ ከገመድ ይተርፋል፤ ድምፄ ያቆመው ባሏን ብቻ እንደ ሆነም እርሷ ታውቃለች። በትምህርት ቤት፣ ምስክር ያልጸናበትን ነገር ከመናገር ዝም ይበል ብለው አስተምረውናል። ይህን መልካም ትምህርት አነሣሁና ከኋላው ተደበቅሁ።

«መንገዱ ረጅም ነበር፤ ደንግጬም ነበር» አልሁ። «አላስታውስም።»

ገዳዩ አልጮኸም፤ አልሰደበኝም። ጥያቄው ገና እንዳልተመለሰለት ሰው አፉን ጥቂት ከፍቶ አየኝ።

ቅዳሜ፣ ገበያው በደራበት ሰዓት፣ አራዳ ላይ ሰቀሉት። ክንዱ ተሰብሮ ስለ ነበር የኋሊት ሲያስሩት የሰማሁት ድምፅ ነው አብሮኝ የኖረው፤ ከዚያ በኋላ ያለውን ሳላይ ሄድሁ። ነጋዴው በማግሥቱ፣ ያ ሰው መንገድ ላይ ደጋግሞ ምን ይልህ ነበር ብሎ ጠየቀኝ። ውሃ ጠምቶት ነው አልሁት። ለምን አልሰጠኸውም አለኝ።

በአርባው ቀን ሚስቲቱ ለባሏ ተዝካር ጠራችኝ። ወድጄ አልነበረም የሄድሁት፤ መቅረቱ ስለሚያስጠረጥር ነው። በዳሱ ውስጥ ከቄሶቹ አጠገብ አስቀመጡኝ። እርሷ መጥታ ጉልበቴን ሳመች፤ «ደሙን አስመለሱልን፤ እግዚአብሔር ያክብርዎ» አለችኝ። እንግዶቹ ነገሩን ከእኔ አፍ ለመስማት ፈለጉ። ቁራሽ እየዋጥሁ ጀመርሁ፤ የሣሩን፣ የውሃውን፣ የጩኸቴን ነገር ተረክሁ። መጨረሻው ላይ ስደርስ ሁሉም ከአፌ ይጠብቁ ነበር።

«ገዳዩ ስጮኽ ሰማኝ» አልሁ። «አንገቱን አዞረና ዓይን ለዓይን አየኝ። ከዚያ በኋላ ነው ማጭዱን ያነሣው።»

ሴቲቱ ጎንበስ ብላ ሳህኔን ደግማ ሞላችው።

እነሆ አሁን፣ በዚህ ዕድሜዬ፣ ዓይኔን ጨፍኜ ያን ቀን ስፈልገው ከአለቱ ጫፍ ላይ ወደ እኔ የሚዞረውን የገዳዩን አንገት አየዋለሁ። የፊቱን ላብ፣ የዓይኑን ቅላት ሳይቀር አየዋለሁ። ከትዝታዬ ሁሉ እንደ እርሱ ጥርት ብሎ የሚታየኝ የለም።